ሉድሚላ ጉርቼንኮ፦ ከአምስቱ ደቂቃ በኋላ

በ21 ዓመቷ አገር ያወቃት፣ በ23 ዓመቷ «በቃ፣ አለቀላት» የተባለች፣ በ38 ዓመቷ ደግሞ እንደ አዲስ የጀመረች ተዋናይት ናት። ሉድሚላ ጉርቼንኮ። በደርግ ዘመን ለትምህርት ሄዶ ሞስኮ፣ ሌኒንግራድ ወይም ኪየቭ የኖረ ዘመድ ካላችሁ ስሟን ጥሩለትና ፊቱን እዩት። ፈገግ ብሎ አንድ ዘፈን ሊያንጎራጉርላችሁ ይችላል። «አምስት ደቂቃ» ነው የዘፈኑ ርዕስ፤ አዲስ ዓመት ሊገባ አምስት ደቂቃ ቀረው ነው ነገሩ። እዚያ አገር ያለዚህ ዘፈን አዲስ ዓመት የሚገባ አይመስልም።

ምስሉም ያው ነው። ጥቁር ቀሚስ ከነጭ የእጅ ማሞቂያ ጋር፣ ለማመን የሚያስቸግር ቀጭን ወገብ፣ እስከ ጆሮ የሚደርስ ፈገግታ። ፊልሙን እኔም እወደዋለሁ። ግን ስለ ጉርቼንኮ የሚወራው ሁሉ እዚያ ወገብ ላይ ተጀምሮ እዚያው ወገብ ላይ ሲያልቅ ያናድደኛል። ያ ዘፈን ለዚህች ሴት ስጦታም ዕዳም ነበር። ዕዳውን ከፍላ ለመጨረስ አሥራ ሰባት ዓመት ገደማ ፈጅቶባታል፤ ትልቋን ተዋናይት ያየናትም ከዚያ በኋላ ነው። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው፣ እንዳንደናገር።)

የተወለደችው ኖቬምበር 12 ቀን 1935 ካርኮቭ ነው። ያኔ የሶቪየት ዩክሬን ትልቅ የኢንዱስትሪ ከተማ፣ ዛሬ ካርኪቭ ተብላ በጦርነት ዜና የምንሰማት። አባቷ ማርክ ከስሞሌንስክ ገጠር የመጣ ሰው ነው። ድሃ ሆኖ ያደገ፣ ማዕድን ማውጫም የሠራ፣ ባያን የሚባለውን ባለቁልፍ አኮርዲዮን የሚጫወት። እናቷ ኤሌና ግን የመኳንንት ዘር ናት፣ ከባሏም በአሥራ ዘጠኝ ዓመት ታንሳለች። አብዮቱ ባይመጣ ኖሮ እነዚህ ሁለት ሰዎች አንድ ጣራ ሥር የሚገናኙት ምናልባት እሱ አሽከር፣ እሷ እመቤት ሆነው ነበር። አብዮቱ መጣና ተጋቡ። ሁለቱም የሙዚቃ ዝግጅት በሚያቀርበው ድርጅት፣ በካርኮቭ ፊልሃርሞኒክ ይሠሩ ነበር፤ የሚኖሩት ደግሞ ከመሬት በታች ባለች አንዲት ክፍል ውስጥ።

ልጅቷ ከመወለዷ ጥቂት ቀደም ብሎ አባትየው አንድ የአሜሪካ ፊልም አይቶ ነበር፣ ውስጡ ሉሲ የምትባል ገጸ ባሕርይ አለች። ልጄም ሉሲ ትባል አለ። መዝገብ ላይ ሉድሚላ ሆነች፣ ቤት ውስጥ ግን ሉሲያ። እንግዳ በመጣ ቁጥር ያስዘፍናታል፣ ያስጨፍራታል፤ ተዋናይት እንደምትሆን ቅንጣት ታህል አልተጠራጠረም። ይህን ሰው ልብ በሉት። እሷ ዕድሜዋን ሙሉ ስለ እሱ አውርታ አልጠገበችም፤ በጻፈቻቸው መጻሕፍት ውስጥ ከሷ ይልቅ እሱ ነው ዋናው ገጸ ባሕርይ ብል ማጋነን አይሆንብኝም። ሩሲያኛና ዩክሬንኛ ያቀላቀለ የገጠር አነጋገሩን ሳታስተካክል እንዳለ ነው የጻፈችው።

ጀርመኖች ካርኮቭን የያዙት ኦክቶበር 1941 ነው። ሉሲያ ስድስት ዓመት ሊሞላት ጥቂት ቀርቷት ነበር። አባቷ የወታደርነት ዕድሜው አልፎ ሳለ ባያኑን ይዞ ግንባር ወረደ፣ ለሠራዊቱ የሚጫወት የኪነት ቡድን ውስጥ ገባ። እናትና ልጅ ከተማ ውስጥ ቀሩ። የመጀመሪያው ክረምት ረሃብ በሺዎች የሚቆጠር የካርኮቭ ሰው ፈጀ። ገበያ መሃል ሰው ይሰቀላል፤ ሕዝቡ ቆሞ እንዲያይ ይገደዳል፣ ልጅ አዋቂ አይባልም። ጉርቼንኮ ይህን ሁሉ በኋላ በልጅነት ትዝታዋ ላይ ጽፋዋለች፣ ያለ ምሬት፣ ያለ ሙሾ። የጀርመን ወታደሮች ፊት ቆማ እየዘፈነች የተረፈ ሾርባ ተቀብላ ለእናቷ ትወስድ ነበር። የመጀመሪያው ኮንሰርቷ ይህ ነው እንግዲህ። ክፍያው ሾርባ። ከተማዋ ለመጨረሻ ጊዜ ነፃ የወጣችው ኦገስት 1943 ሲሆን ትምህርት ቤት የገባችውም ያን ጊዜ ነው።

ይህን ያህል ያቆየኋችሁ ያለ ነገር አይደለም። በኋላ «ይህች ሳቂታ ዘፋኝ ድራማ ምኗ ነው» ሲሏት የነበሩ ሰዎች ይህን ታሪክ አላወቁትም። ወይም ሊያውቁት አልፈለጉም።

በ1953 ሞስኮ ገባች። በአገሪቱ ስመ ጥር የነበረው የሲኒማ ተቋም ቪጊክ ተቀበላት፤ አስተማሪዎቿም ሰርጌይ ጌራሲሞቭና ባለቤቱ ታማራ ማካሮቫ ሆኑ፣ በጊዜው የሶቪየት ሲኒማ ንጉሥና ንግሥት ማለት ናቸው። የካርኮቭ አነጋገሯን ለማረም ብዙ ለፋች። በ1956 ለመጀመሪያ ጊዜ በአንድ ፊልም ላይ ብቅ አለች፤ ትንሽ ሚና ነው፣ ማንም አላስታወሰው። የሚገርመው ግን በዚያች ሚና የተናገረችው የመጀመሪያ ቃል ነው፦ እዚህ የመጣሁት ዝም ለማለት አይደለም የሚል ነው።

የዚያኑ ዓመት መጨረሻ ላይ «የካርኒቫል ሌሊት» መጣ።

ዓመቱን ራሱን ተመልከቱት። በፌብሩዋሪ 1956 ክሩሽቼቭ የስታሊንን ወንጀል በዝግ ጉባኤ ዘርግፎታል። ሰው ትንሽ መተንፈስ ጀምሯል። የትልቁ የሞስኮ ፊልም ስቱዲዮ የሞስፊልም ኃላፊ ኢቫን ፒሪየቭ ዶኩመንተሪ ሲሠራ የቆየ ኤልዳር ሪያዛኖቭ የሚባል ወጣት ጠርቶ ኮሜዲ ሥራ ይለዋል። ሪያዛኖቭ አልፈለገም ነበር፣ ፒሪየቭ ግን በቀላሉ የሚለቅ ሰው አልነበረም። ታሪኩ ቀላል ነው። አንድ የባህል ቤት ውስጥ ወጣቶች የአዲስ ዓመት ዝግጅት አዘጋጅተዋል። ኦጉርትሶቭ የሚባል አዲስ አለቃ ይመጣና ዝግጅቱን «ቁም ነገር» ሊያደርገው ይነሳል፤ ንግግር ይኑር፣ ማርስ ላይ ሕይወት አለ ወይ የሚል ትምህርታዊ ገለጻ ይቅረብ፣ የዳንሰኞቹ እግር ይሸፈን። ወጣቶቹ ያታልሉታል። በቃ ይኸው ነው። ኦጉርትሶቭን የተጫወተው ኢጎር ኢሊንስኪ ነው፤ እንዲህ ያለ አለቃ በሕይወቱ ያልገጠመው ኢትዮጵያዊ ካለ እጁን ያውጣ።

አንድ ነገር ልጨምር። ፊልሙ ውስጥ የጡረተኞች ሙዚቃ ቡድን ተብለው መድረክ የወጡ ሽማግሌዎች በድንገት ጃዝ ሲጀምሩ ሙዚቃው የኤዲ ሮዝነር ኦርኬስትራ ነው። ሮዝነር በስታሊን ጊዜ ታስሮ ስምንት ዓመት ገደማ በካምፕ ከቆየ በኋላ በ1954 የተፈታ የጃዝ ሰው ነው። ሳቁ ከየት እንደመጣ የሚያውቅ ሰው ይህን ትዕይንት በሌላ ዓይን ነው የሚያየው።

ጉርቼንኮ በመጀመሪያው የካሜራ ሙከራ ወድቃ ነበር። ሌላ ልጅ ተመርጣ ቀረጻው ተጀመረ፣ አልሆነም። ከዚያ ፒሪየቭ ስቱዲዮው ኮሪደር ላይ ጉርቼንኮን ያገኛትና ይዟት ይገባል። እንዲህ ነው ዕድል የሚባለው። ፊልሙ ሊወጣ ሲል ገና የተቋሙ ተማሪ ነበረች፣ ከወጣ በኋላ ግን 48 ሚሊዮን በላይ ተመልካች ያየው የዓመቱ አንደኛ ፊልም ሆነና ልጅቷ ጠዋት ስትነሳ ከመንገድ እስከ ትራም ሰው ሁሉ የሚያውቃት ሰው ሆና ተገኘች። በየከተማው ልጃገረዶች እንደሷ ቀሚስ አሰፉ፣ ወገባቸውን አሰሩ።

ከዚህ በኋላ ያለው ነው አስቀያሚው።

ሰው እሷን በአካል ማየት ይፈልጋል። ፋብሪካው ይጠራታል፣ ዩኒቨርሲቲው ይጠራታል፣ ሄዳ ትዘፍናለች፣ ሲያልቅ ፖስታ ውስጥ ብር ይሰጧታል። የተማሪ ድጎማ ይዛ ለምትኖር ልጅ ፖስታው ትልቅ ነገር ነው። በዚያ አገር ግን የኮንሰርት ክፍያ የሚያልፈው በመንግሥት ድርጅት በኩል ብቻ ነው፤ ከዚያ ውጪ ያለው «የግራ ገቢ» ይባላል። ብዙ አርቲስት ያደርገዋል። ስሙ የሚነሳው ግን የታወቀው ነው። በ1957 «ኮምሶሞልስካያ ፕራቭዳ» በስላቅ ጽሑፍ አብጠልጥሎ አወጣት። ሚሊዮኖች የሚያነቡት የወጣቶች ጋዜጣ ነው። ትናንት ያጨበጨበላት ሰው ዛሬ «ወይ ስግብግብ» አለ።

እሷ በኋለኛ ዘመኗ ሌላ ምክንያትም አንስታለች። በ1957 ክረምት — የእነሱ ክረምት ሳይሆን ሞቃቱ ወቅት፣ በጋቸው — ሞስኮ ውስጥ ትልቁ የዓለም ወጣቶች ፌስቲቫል ነበር፤ ከመላው ዓለም ወጣት ጎርፎ ገባ። ከውጭ ሰዎቹ ጋር ተቀላቅላ የሚያወሩትን ለባለሥልጣናት እንድታቀርብ ተጠየቀች፣ እምቢ አለች። ከዚያ በኋላ በሮች አንድ በአንድ መዘጋት ጀመሩ ትላለች።

ሁለቱም ምክንያት እውነት ሊሆን ይችላል። እኔ ግን ሦስተኛ አለ ባይ ነኝ። ሶቪየት ሲኒማ ለሙዚቃዊ ተዋናይት የተዘጋጀ ቦታ አልነበረውም። በ1930ዎቹ ሊዩቦቭ ኦርሎቫ የነገሠችው ባሏ ግሪጎሪ አሌክሳንድሮቭ ዳይሬክተር ስለነበረና ፊልሙን በእሷ ልክ ስለሰፋላት ነው። ጉርቼንኮ እንዲህ ያለ ሰው ከጀርባዋ አልነበራትም። በ1958 «ጊታር የያዘችው ልጅ» የሚል ፊልም ሠራች፤ የመጀመሪያውን ለመድገም የተሞከረ ነገር ነው፣ አልያዘም። ከዚያ ሙዚቃዊ ፊልም የሚሠራላት አልተገኘም፣ ድራማ የሚሠራው ደግሞ «የአምስት ደቂቃዋ ልጅ» ብሎ አለፋት።

በዚያው ጊዜ የግል ሕይወቷም ተናግቷል። ከቦሪስ አንድሮኒካሽቪሊ ጋር ተጋብታ በ1959 ሴት ልጅ ወለደች። አባቱ ጸሐፊው ቦሪስ ፒልኒያክ በ1938 ተረሽኗል። ትዳሩ አልቆየም። የጉርቼንኮን ባሎች መቁጠር ለሩሲያ መጽሔቶች ያለቀ የማይመስል ሥራ ነው፤ ታዋቂው ዘፋኝ ኢዮሲፍ ኮብዞንም አንዱ ነው፣ ከተፋቱ በኋላ ለአሥርት ዓመታት አልተነጋገሩም ይባላል። እኔ እዚያ ውስጥ አልገባም።

1960ዎቹ ለእሷ ደረቅ ዘመን ነበሩ። ሥራ ጨርሶ ጠፋ ማለት አይደለም። ለጥቂት ጊዜ «ሶቭሬሜኒክ» ቲያትር ገብታለች። በ1965 «የሠራተኞች ሰፈር» የሚባል ፊልም ላይ ጦርነት ዓይኑን ያጠፋበት ሰው ሚስት ሆና ሠርታለች፤ ያን ፊልም አሁን ስታዩት «ይህችን ልጅ እንዴት አላዩዋትም?» ትላላችሁ። አላዩዋትም። ቀሪውን ጊዜ በየክፍለ ሀገሩ እየዞረች፣ ሜዳ ላይም አዳራሽ ውስጥም፣ ያንኑ ዘፈን ትዘፍናለች። አስቡት፣ ሠላሳ ዓመት አልፏችሁ፣ ልጅ እያሳደጋችሁ፣ ሰው የሚፈልገው የሃያ አንድ ዓመቷን እናንተን ብቻ ሲሆን። ወገቧን የጠበቀችው ለውበት ብቻ አይመስለኝም። ሰዉ የሚከፍለው ለዚያ ነበር።

የዞረው በ1973 ነው። የሌኒንግራዱ ፊልም ስቱዲዮ ሌንፊልም ውስጥ ቪክቶር ትሬጉቦቪች የሚባል ዳይሬክተር «አሮጌ ግድግዳዎች» የሚል ፊልም ሊሠራ ነበር። ዋናዋ ገጸ ባሕርይ የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ሥራ አስኪያጅ ናት፤ ጎልማሳ፣ ብቸኛ፣ ሺህ ሴት ሠራተኛ የምታስተዳድር፣ ለራሷ ግን ምን እንደምትፈልግ የማታውቅ። ለዚህ ሚና ጉርቼንኮን መረጠ። የካርኒቫሏን ልጅ! የፋብሪካ ዳይሬክተር!

እሷም ያንን ሁሉ ጌጥ አውልቃ ገባች። ድምፅዋ ዝቅ ብሏል፣ አረማመዷ ከብዷል፣ ፈገግታዋን ቆጥባ ነው የምታወጣው። ለእረፍት ሄዳ ከአንድ ተራ ሹፌር ጋር ስትተዋወቅ (አርመን ጂጋርካንያን ነው፣ ድንቅ ተዋናይ) ፊቷ ላይ የሚታየው ነገር፣ ማለት ያ ሥልጣን ያለው ሰው በአንዴ ምን ማድረግ እንዳለበት ሲጠፋው የሚታየው ነገር፣ ትምህርት ቤት የሚያስተምሩት ዓይነት አይደለም። ፊልሙ በ1974 ለእይታ በቃ። በ1976 በዚህ ሥራ የሩሲያ ሪፐብሊክን የመንግሥት ሽልማት አገኘች። አባቷ ግን በ1973 አርፏል። ከማንም በላይ ያመነባት ሰው ይህን ቀን አላየውም፤ መጽሐፏ ውስጥ ከዚህ የሚያመው ገጽ የለም።

በሩ አንዴ ሲከፈት ግን ጎርፍ ነው። በ1976 አሌክሴይ ጌርማን «ያለ ጦርነት ሃያ ቀናት» ላይ ወሰዳት። ከኮንስታንቲን ሲሞኖቭ ሥራ የተወሰደ ነው፤ ከግንባር ለሃያ ቀን ፈቃድ ወጥቶ ታሽኬንት የሚሄድ የጦር ጋዜጠኛ ታሪክ። ጋዜጠኛውን የተጫወተው ዩሪ ኒኩሊን ነው፣ አገር የሚያውቀው የሰርከስ ቀልደኛ። አንድ ቀልደኛና አንዲት የካርኒቫል ዘፋኝ፣ በጦርነት ዘመን አንድ ሌሊት የሚገናኙ ሁለት የደከማቸው ሰዎች ሆነው። ባለሥልጣናቱ ምርጫው አልጣማቸውም ነበር፣ ሲሞኖቭ ግን ኒኩሊንን ደግፎ ቆመ። ጌርማን ትክክል ነበር። ሁለቱም ጦርነቱን በአካል ያውቁታል፤ ኒኩሊን ወታደር ሆኖ፣ እሷ ሾርባ እየለመነች። ፊልሙ ውስጥ ትልልቅ ንግግር የለም። እሷ ብዙውን ጊዜ ዝም ብላ ነው የምትታየው፣ ዝምታው ግን ይከብዳል።

በዚያው ዓመት አንድ የሩማኒያና የሶቪየት የልጆች ሙዚቃዊ ፊልም ሲቀረጽ በረዶ ላይ በመንሸራተቻ ጫማ እየሄደች ሳለ ሌላው ዝነኛ ቀልደኛ ኦሌግ ፖፖቭ ወደቀባት። እግሯ ክፉኛ ተሰበረ፤ አጥንቷ ተሰባብሮ ዳግም መደነስዋ አጠራጥሮ ነበር። የእግሯ ቁስል ሳይድን ወደ ቀረጻው ተመለሰች። ከዚያ በኋላም ዓመታት በተረከዘ ረጅም ጫማ ስትጨፍር ትታያለች። ይህ ጀግንነት ነው ወይስ በራስ ላይ ጭካኔ? እኔ ሁለቱም ይመስለኛል። ሥራ አጥቶ የሚያውቅ ሰው ሥራ ሲያገኝ አይለቅም።

«አምስት ምሽቶች» ከሁሉም ሥራዎቿ የምወደው ነው። ኒኪታ ሚካልኮቭ ሌላ ትልቅ ፊልም እየሠራ በነበረበት እረፍት፣ በ25 ቀን ውስጥ ያነሳው ነገር ነው። ቦታው ብዙ ቤተሰብ አንድ ኩሽና የሚጋራበት የሶቪየት አፓርታማ። ከጦርነቱ በፊት የሚዋደዱ ሁለት ሰዎች ከብዙ ዓመት በኋላ ይገናኛሉ። እሱ ስለ ሥራው ይዋሻል፣ እሷ ደስተኛ ነኝ ብላ ትዋሻለች። ጉርቼንኮ ታማራ ናት፣ የፋብሪካ ሠራተኛ፣ የፓርቲ አባልነቷን እንደ ጋሻ የምትይዝ፣ የእህቷን ልጅ የምታሳድግ። ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው ማለት ይቻላል፣ ቀለም የሚገባው መጨረሻ ላይ ነው። ያን ጊዜ እሷ ጦርነት እንዳይመጣ ብቻ ብላ ደጋግማ የምትለውን ስትሰሙ፣ ስክሪፕት እያነበበች እንዳልሆነ ይገባችኋል። በተመሳሳይ ወቅት የሚካልኮቭ ወንድም አንድሬይ ኮንቻሎቭስኪም «ሲቤሪያዳ» ላይ ያሠራት ነበር። ከአሥር ዓመት በፊት ማንም የማይደውልላት ሴት፣ አሁን ወንድማማቾች ይሻሟታል።

ከዚያ ሪያዛኖቭ ተመለሰ። በመሃል ለሌላ ትልቅ ሚና ፈትኗት አልወሰዳትም ነበር፤ «የሁሳሮች ባላድ» የሚለው ፊልም ለላሪሳ ጎሉብኪና ሄደ። በ1982 ግን «ጣቢያ ለሁለት»ን ሰጣት። ቬራ ናት ስሟ፣ ዛስቱፒንስክ የምትባል ከተማ ባቡር ጣቢያ ሬስቶራንት አስተናጋጅ። ኦሌግ ባሲላሽቪሊ ሚስቱ ያደረሰችውን የመኪና አደጋ በራሱ ላይ ወስዶ እስር የሚጠብቀው ፒያኖ ተጫዋች ነው። ምግቡ አይበላም ብሎ አልከፍልም ይላል፣ እሷ ትጮህበታለች፣ ባቡሩ ያመልጠዋል። ፍቅራቸው በስድብ ነው የሚጀምረው። ቬራ መጀመሪያ ላይ እንዴት እንደምታስጠላ አትጠይቁኝ፤ ትሳደባለች፣ ከባቡር ሠራተኛው ጋር ሜሎን ትነግዳለች፣ ለማንም ደንታ የላትም። ጉርቼንኮ እንድትወዱላት አትለምንም። ቀስ እያለች ነው የምታሳምናችሁ።

መጨረሻውን ሁሉ አልናገርም፣ ግን አኮርዲዮን አለበት። በረዶ ላይ ወድቀው፣ እሱ እስረኞች ካምፕ በሰዓቱ መድረሱን ለማሳወቅ አኮርዲዮን ይጫወታል። የማርክን ልጅ አኮርዲዮን አጠገብ አስቀምጠው ያስለቀሷት ሪያዛኖቭ አውቆ ይሁን በአጋጣሚ እግዜር ይወቅ። ፊልሙ በ1983 ካን ፌስቲቫል ውድድር ላይ ቀረበ። በዚያው ዓመት «የሶቪየት ኅብረት ሕዝብ አርቲስት» የሚለውን ከፍተኛ ማዕረግ አገኘች።

ቀጥሎ «ፍቅርና ርግቦች»፣ የቭላድሚር ሜንሾቭ ኮሜዲ። ራይሳ ዛኻሮቭና የምትባል የከተማ ሴት ሆና ርግብ የሚያረባን የገጠር ሰው ከሚስቱ ትነጥቃለች። ስለ መናፍስትና ስለ ሥጋ አለመብላት ትቀባጥራለች፣ ስትሄድ ራሱ ታስቃለች። ሩሲያውያን የዚህን ፊልም ንግግር በቃላቸው ያውቁታል። እኔን የሚገርመኝ እሷ ራሷን መቀለጃ ለማድረግ አለመፍራቷ ነው፤ አርባ ዘጠኝ ሊሞላት የደረሰች፣ ለቀጭን ወገቧ የምትከበር ሴት፣ በወገቧ እየቀለደች።

«ጭብጨባ፣ ጭብጨባ» የሚል ፊልምም በዚያው ሰሞን ሠርታለች፤ ዘፈንና ዳንስ ብቻ የሚጠይቋት ተዋናይት ስለ ጦርነት ከባድ ሚና ፍለጋ የምትንከራተትበት። ስለ ራሷ ነው፣ ሌላ ትርጉም አያስፈልገውም። እንደ ፊልም ግን ከሌሎቹ ያንሳል። ሰው የራሱን ታሪክ ሲጫወት አንዳንዴ ይበዛበታል።

ሶቪየት ኅብረት ሲፈርስ የፊልም ሥራውም አብሮ ፈረሰ። እሷ አልተቀመጠችም፤ ቲያትር፣ ቴሌቪዥን፣ መድረክ፣ ራሷ የምትሰፋቸውና የምታስጌጣቸው ቀሚሶች። ከሴት ልጇ ጋር ያላት ግንኙነት ግን እየሻከረ ሄደ። በ1998 በአባቷ ስም የተሰየመው የልጅ ልጇ ማርክ ገና በ16 ዓመቱ ሞተ። ስለዚህ ብዙ አላወራችም። ሰዉ ያወራው ስለ ፊት ቀዶ ጥገናዋ ነበር፤ ፎቶዋን እያስተያየ ይስቅ ነበር። አልወደድኩም ያለ መብቱ ነው፣ ግን በሃያ አንድ ዓመቷ መልክ እስከ ሰባ ዓመቷ እንድትቀጥል የጠየቃት ያው ሕዝብ አይደለም እንዴ?

በ2009 «ባለ ቀለም ድንግዝግዝ» በሚለው ፊልም ላይ ተውና፣ ሙዚቃውን ደርሳ፣ በዝግጅቱም ተሳትፋለች። በ75 ዓመቷ የሮክ ዘፋኟን የዜምፊራን አንድ ዘፈን ተጫውታ ክሊፕ ሠራች፤ የወጣቶቹን ሥራ ከወጣቶቹ በላይ አምርራ። በ2011 መጀመሪያ ላይ ቤቷ አካባቢ ተንሸራታ ወደቀች፣ ዳሌዋ ተሰበረ፣ ቀዶ ጥገና ተደረገላት። ማርች 30 ቀን 2011 ሞስኮ ውስጥ አረፈች። የተቀበረችው ኖቮዴቪቺ ነው፣ የአገሪቱ ታላላቆች በሚያርፉበት።

ማየት ለምትፈልጉ፣ ሞስፊልም ብዙ የድሮ ፊልሞቹን በነፃ ኢንተርኔት ላይ ለቋቸዋል፤ የእንግሊዝኛ ጽሑፍ ያላቸውም አሉ። ቅደም ተከተሉን ከጠየቃችሁኝ በ«አምስት ምሽቶች» ጀምሩ፣ አጭር ነው፣ አንድ ክፍል ውስጥ ያልቃል። ከዚያ «ጣቢያ ለሁለት»፤ ሁለት ክፍል ስለሆነ ቡና አፍልታችሁ ተቀመጡ፣ የመጀመሪያዎቹን ሃያ ደቂቃዎች ቬራን ብትጠሏትም አታጥፉት። «ፍቅርና ርግቦች» ቤተሰብ ሰብሰብ ሲል ይሻላል። የጌርማንን ፊልም ትዕግሥት ላለው ምሽት አቆዩት፣ ዝግ ያለ ነው፣ ድምፁም ሆን ተብሎ የተዘበራረቀ ነው። «የካርኒቫል ሌሊት»ን መጨረሻ ላይ አድርጉት። ኦጉርትሶቭ ብቻውን ያስቃችኋል፣ እሷን ደግሞ ያኔ ሌላ ሰው ሆና ታገኟታላችሁ።